የተቆረጠው ሰላምታ

ቅዳሜ ጠዋት ከከተማው ሰሜን ጫፍ፣ ከኤድመንተን የወጣሁት እናቴን ከደቡቡ ሰፈር ከስትሪትሃም አንስቼ ሃክኒ ፊልም ላሳያት ነው። ፊልሙ የራሷ ነው። ፓኦላ የምትባል ጣሊያናዊት ፊልም ሠሪ እናቴን ልብስ ስፌት ሱቋ ውስጥ አንድ ወር ስትቀርጻት ከርማለች። ፓኦላ ተዋናይ አትቀጥርም፣ መብራት አትተክልም፤ አንዲት ካሜራ ጥግ ላይ አቁማ ሰው ሥራውን ሲሠራ ዝም ብላ ታያለች። አንድ ቁልፍ ተተክሎ እስኪያልቅ ካሜራዋ ንቅንቅ አትልም። ሕግም አላት፤ የተቀረጸው ሰው ቀድሞ አይቶ «ይሁን» ካላለ ፊልሙ ለማንም አይታይም። አማርኛውን የተረጎምኩላት እኔ ስለሆንኩ እናቴ «ይሁን» እስክትል ጨንቆኛል።

በባቡር፣ ከዚያም በአውቶቡስ ከአንድ ሰዓት ተኩል በኋላ ስትሪትሃም ደረስኩ። እናቴ የሠርግ ካፖርቷን ለብሳ በር ላይ ቆማለች። አውቶቡስ ስንሳፈር ሹፌሩን «ጉድ ሞርኒንግ! ሃው ኢዝ ዩር ፋሚሊ?» ብላ ያዘችው።

«እማዬ፣ ከኋላችን ሰው ቆሟል እኮ!»

«ይቁም። ነድቶ የሚያደርሰን እሱ አይደል?»

ሹፌሩ እየሳቀ ልጆቹ ደህና መሆናቸውን ነገራት። ሁልጊዜ የምትወደውን የአውቶቡሱን ፎቅ ትታ ታች ተቀመጠች፤ ለምን ብዬም አልጠየቅኋት።

ሃክኒ፣ ከሰዓት

ገበያው ውስጥ አንድ ሳህን ማንጎ በሁለት ፓውንድ ገዛች፤ ባዶ እጅ አይኬድማ! የፓኦላ ክፍል ከብስክሌት መጠገኛ ጀርባ ነው። ነጭ አንሶላ ሰቅላ ጠበቀችን። እናቴ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ እስከ መጨረሻው አየች።

«ይሄ እኔ አይደለሁም» አለች።

ክው አልኩ። «ምኑ ነው እማዬ?»

«ጋሽ ሁሴን ገቡ፣ ሱሪ ሰጡኝ፣ ለካሁ። ሰላም ሳልላቸው! የስትሪትሃም ሐበሻ ምን ይለኛል?»

ጥፋቱ የእኔ ነበር። ፓኦላ «እዚህ ጋ ምን ይባባላሉ?» ስትለኝ «ምንም፣ ሰላምታ ብቻ ነው» አልኳት። ቁልፍ ሲተከል የማትቆርጠው ሴት እኔን አምና ሦስት ደቂቃ ቆረጠች። አፍሬ ለሁለቱም ተናዘዝኩ።

«ምንም?» አለች እናቴ። «ሰውየው ከሆስፒታል የወጡት በዚያ ሳምንት ነው! ጤናቸውን ሳልጠይቅ ወገባቸውን ልለካ?»

ፓኦላ ስተረጉምላት በሳቅ ሞተች። ያልተቆረጠውን ፈልጋ ከፈተችው። እናቴ ስለ ቀዶ ጥገናው፣ ስለ እንቅልፋቸው፣ ስለ ልጆቻቸው ትጠይቃለች፤ ጋሽ ሁሴን ደግሞ «ዛሬ ያለ ከዘራ መጣሁ እኮ!» ብለው ሱቁ መሀል አንድ ዙር ይዞራሉ። ሦስታችንም አጨበጨብን።

«አሁን ይሁን» አለች እናቴ። ማንጎውን ጭማቂው ክንዳችን ላይ እየወረደ በላነው። እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም።

እናቴን ቤቷ አድርሼ አመሻሽ ላይ ኤድመንተን ገባሁ። ሌላ ጊዜ «ገባሁ» ብዬ ቴክስት አድርጌ እተኛ ነበር፤ አሁን ደወልኩ።

«እማዬ፣ እንዴት ነሽ?»

«አልሐምዱሊላህ፤ አሁን ተለያይተን?»

«እንቅልፍስ? ሥራስ? ጉልበትሽስ?»

ሳቀች። «ጉልበቴማ ደረጃ እምቢ ካለኝ ወር አለፈው፤ ጠያቂ መች አገኘሁና!»

ሻዬ እስኪቀዘቅዝ አወራችኝ። ሰኞ ሐኪም ጋ አብሬያት እሄዳለሁ።