ጆንያ የለበሰው ዛፍ

በደርግ ጊዜ ፍኖተ ሰላም ውስጥ ዛፍ ነበርኩ። ይህን ስናገር ልጆቼ ይስቃሉ፤ እኔም አብሬያቸው እስቃለሁ፤ ከሣቁ በኋላ ግን ፊቴን የት እንደማደርገው ይጠፋኛል።

የቀበሌያችን የኪነት ቡድን አባል ነበርኩ። የቡድኑ መሪ የነበረ አንድ ቀጭን መምህር በምድር ላይ ስለሌለ አገር ድራማ ጻፈ። በዚያ አገር መሀል የሚሰማ፣ የሚያስብ፣ የሚናገር ዛፍ አለ። ሥሩ በየቤቱ ወለል ሥር ስለሚያልፍ ማን ቆሞ እንደሚሄድ፣ ማን እንደወደቀ በኮቴው ያውቃል። ሰው የጠፋበት ሁሉ እየመጣ ይጠይቀዋል። ዛፉ እኔ ነኝ። ለምን እኔ ተመረጥኩ ቢባል፣ ቁመቴ ረዥም ነው፤ ዘፈንም ጭፈራም አይሆንልኝም። ጭቃ የተለቀለቀ፣ ለዓይን የተቀደደ ጆንያ ያጠልቁብኝና የዋንዛ ቅርንጫፍ ያስይዙኛል። ጆንያው አጭር ስለነበር ኮንጎ ጫማዬ ከሥር ይታያል። መምህሩ "ሥሩ ነው ይሉታል" ብሎ አለፈው።

ቡሬ አጠገብ ገጠር ያሉት ቤተሰቦቼ ይህን አያውቁም። አባቴ ያንን ጫማ ገዝተው ከተማ የላኩኝ እንድማር ነበር፤ ሰው ፊት የሚጨፍር ደግሞ ለእሳቸው አዝማሪ ነው። ስለዚህ ትርፍ ጊዜዬን ቀበሌ ጽሕፈት ቤት እረዳለሁ ብያቸው ነበር።

ያኔ ታላቅ ወንድሜ ብሔራዊ ውትድርና ሄዶ ወሬው ከጠፋ ክረምት አልፎ ሌላ ክረምት ገብቷል። በእኛ አገር መርዶ የሚነገረው ጎህ ሲቀድ ነው፤ ሽማግሌዎች ተሰብስበው፣ ሰው ከመኝታው ሳይነሣ ደጁን ያንኳኳሉ። አባቴ ይህን ስለሚያውቁ ወንድሜ ከሄደ ጀምሮ ተኝተው አያነጉም። ዶሮ ሳይጮኽ ተነሥተው፣ ለብሰው በር ላይ ይቀመጣሉ። "ተኝቼ አያገኙኝም" ይላሉ። ፀሐይ ስትወጣ ዛሬም አልመጡም ብለው በሬያቸውን ይጠምዳሉ። የወንድሜን ነገር ግን በቤታችን አፍ አውጥቶ የሚያነሣ አልነበረም።

በአንድ የአብዮት በዓል የገበሬ ማኅበር ሰዎች ከየገጠሩ በመኪና እየተጫኑ መጡና አዳራሹ ሞላ። በጆንያው ቀዳዳ ስመለከት አባቴ ፊት ለፊት አግዳሚው ላይ ተቀምጠዋል። ዛፍ ባልሆን ኖሮ ሮጬ አመልጥ ነበር።

ድራማው መሀል ላይ ዛፉ "የጠፋበት ካለ ይቅረብ" ይላል። አልኩ። እናት ሆና የምትተውነው የቡድናችን ልጅ ልትቀርብ ስትል አባቴ ቀደሟት። ተነሡ፤ ዳኛ ፊት እንደሚቀርብ ሰው ጋቢያቸውን አደገደጉ፤ መድረኩ ሥር መጥተው ቆሙ።

"እንዲያው ይፍቀዱልኝ" አሉኝ። "ሥርዎ ሩቅ ይሄዳል ሲሉ ሰማሁ። ታላቁ ልጄ ወደ ሰሜን ሄደ። እግሩ መሬት ይረግጥ እንደሁ ይንገሩኝ። አይረግጥም ቢሉኝም አላለቅስብዎትም።"

አዳራሹ በሣቅ ተናጋ። ከኋላ የከተማ ልጆች ያፏጫሉ። እኔ ጆንያ ውስጥ በላብ ተጠመቅሁ። በአባቴ አፈርኩ፤ ድራማ ከእውነት የማይለዩ ባላገር ናቸው ብዬ አፈርኩ። ዛሬ የሚያሳፍረኝ ያ ማፈሬ ነው። ጆንያውን አውልቄ "አባዬ፣ እኔ ነኝ" ማለት ነበረብኝ። መምህሩ ከመጋረጃው ጀርባ "መልስላቸውና ይቀመጡ" አለኝ። ድምፄን አጎርንኜ "ይረግጣል፤ ይመጣል" አልኩ።

ጭብጨባው ቀለጠ። አባቴ ከጆንያው ሥር እስከሚታየው ጫማዬ ድረስ ዝቅ ብለው እጅ ነሡ፤ ጋቢያቸውን ፈትተው ወደ ቦታቸው ተመለሱ። እኔ ድራማው እንዳለቀ በጓሮ በር ወጥቼ ጠፋሁ።

ከዚያ በኋላ አገር ቤት ስሄድ እናቴ ደስ ብሏት ተቀበለችኝ። "አባትህ ተኝተው ማንጋት ጀመሩ" አለችኝ። "ፍኖተ ሰላም ውለው ከመጡ ወዲህ ነው። ምን እንዳገኙ አይናገሩም።"

ቀና ብዬ ላያት አልቻልኩም። አባቴም ስለ ድራማው አንድም ነገር አላነሡ። አላወቁኝም ብዬ ተጽናናሁ።

መኸር እንደገባ ከወንድሜ ጋር የዘመተ አንድ ጎረቤታችን ቆስሎ ተመለሰና የሆነውን ለሽማግሌዎች ለብቻቸው ተናገረ። ሽማግሌዎቹ ዘመድ እንዲታከልበት ብለው እኔን ከከተማ አስጠሩኝ። ጎህ ሲቀድ ደጃችን ደረስን። በር ላይ የተቀመጠ ሰው የለም። በሩ ከውስጥ ተቀርቅሯል፤ የአባቴ ማንኮራፋት እስከ ውጭ ይሰማል። ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ።

"ሰሞኑን ምን ነካቸው?" አሉ አንደኛው፣ አባቴን በየማለዳው በር ላይ ሲያዩ የኖሩ ጎረቤት።

ምን እንደነካቸው የማውቀው እኔ ነበርኩ።

አንኳኩተን ቀሰቀስናቸው። ጋቢያቸውን በቅጡ ሳይለብሱ ወጡ። እኔ ከሽማግሌዎቹ ኋላ ተሸሽጌ ቆሜያለሁ። ማንንም ሰላም አላሉም፤ ዓይናቸው በሰዉ እግር መካከል አልፎ ኮንጎ ጫማዬ ላይ አረፈ። ቆይተው ቀና አሉና ፊቴን አዩት።

"ዛፉም መጣ?" አሉኝ።