ገደቡ ሲነሳ ባለቤቴ ቆላ ወረደ

ወገኖቼ፣ ጌታ ያደረገልኝን ሳልናገር ብቀመጥ ሆዴ አይችልልኝም፤ ጥቂት ታገሱኝ። ስሙ ይባረክ!

ባለቤቴ ደሴ በድንበር የተነሳ ጎረቤታችንን ጋሽ ሞላን በዱላ መትቶ እጃቸውን ሰበረ። ፍርድ ቤት እስራት ፈረደበት፤ ግን ለልጆቹ ሲባል ቅጣቱን በገደብ አደረገለት። ዳኛው፣ «ሞላ ደጅ አትድረስ፣ አረቄ ቤት አትግባ። ካፈረስህ ገደቡ ይነሳል፣ ትታሰራለህ» አሉት። «እሺ ጌታዬ» ብሎ ወጣ።

አዝመራው እስኪገባ ጨዋ ሆኖ ከረመ። አንድ ቀን አርብ ገበያ ውሎ ሲመለስ አረቄ ቤት ገባ። ከዚያ የት ሄደ? ጋሽ ሞላ ደጅ! በራቸውን በድንጋይ ደበደበው። በማግስቱ ፖሊስ ሲመጣ ደሴ የለም፤ ቆላ ወርዷል።

እኔማ መቀመጥ አቃተኝ። ከቤት ደጅ፣ ከደጅ ቤት። ተደብቄ ስንቅ አደርስለታለሁ፤ ስመለስ ጥላዬን ሳይ እደነግጣለሁ። እህል አልወርድ አለኝ፣ ልቤ ይመታል፣ እጄ ይንቀጠቀጣል። ጤና ጣቢያ ሄድሁ። ነርሷ መርምራኝ፣ «እህቴ፣ ልብሽ ጤነኛ ነው። ምን ተሸክመሽ ነው?» አለችኝ። አልቅሼ ሁሉን ነገርኋት። «ኢየሱስ ይሸከምልሽ» ብላ እጄን ይዛ ጸለየች። ሃሌ ሉያ! እዚያው ወንበር ላይ ጌታን ተቀበልሁ። መንቀጥቀጡም ተወኝ!

በሳምንቱ ባዶ እጄን ቆላ ወረድሁ።

«ስንቁስ?» አለኝ ደሴ።

«ከእንግዲህ አላመጣም። ና፣ እጅህን ስጥ።»

«ልታሳስሪኝ?»

«አብሬህ እቆማለሁ።»

ተቆጣ፤ ጀርባውን ሰጠኝ። ብቻዬን ዳገቱን ጀመርሁ። ጌታ ሆይ፣ ጌታ ሆይ እያልሁ ስወጣ ከኋላዬ የሰው ሳል ሰማሁ። ዞር ስል ደሴ ነው! ስሙ ከፍ ይበል!

ዳኛው ሲያዩት፣ «ማን ይዞህ መጣ?» አሉ።

«ማንም ጌታዬ። በእግሬ መጣሁ።»

መዝገቡን ገለጡ። ከዚያ፣ «በእግርህ መምጣትህ መልካም ነው። ገደቡ ግን ተነስቷል» አሉ። ፖሊሶች ወሰዱት።

እንግዲህ ማን ያርስልኛል ብዬ ስባትት ጋሽ ሞላ በሬ ጠምደው ከልጆቻቸው ጋር ማሳዬ ላይ መጡ። እግራቸው ላይ ልወድቅ ስል ያዙኝ። «ተይ ልጄ። እስሩ የእሱ ነው፤ ልጆቹ ምን አጠፉ?» አሉኝ። ወገኖቼ፣ ይህን ከጌታ በቀር ማን ያደርጋል?

ደሴ ገና አልተፈታም። ጌታንም ገና አልተቀበለም፤ አሁንም ስለ እሱ ሆዴ ይባባል። ባለፈው ልጠይቀው ስሄድ ግን አንገቱን ደፍቶ፣ «ያን ጸሎትሽን ለእኔም በይልኝ» አለኝ።

ከመካከላችሁ የሸሸ ሰው ያለው፣ ራሱም የሸሸ ካለ፣ ኢየሱስን ይመነው። እኔ አምኜው አላፈርሁም። እስቲ ተነሱና ከእኔ ጋር በጌታ ፊት ደሴን በስሙ ጥሩልኝ።