ሽርጧ ላይ ሁለት የጠመኔ ጭረት

«አንተ የማዶ ሰው፣ ድምፅህን አሰማኝ፣
እምም… እምም…»

ልብስ ሰፊዋ ከዚህ ዘፈን የምታውቀው የመጀመሪያውን ስንኝ ብቻ ነው። ሁለተኛው ከልጅነቷ ጋር ቀርቷል፤ በእሱ ፋንታ ታንጎራጉራለች፣ የስፌት መኪናዋም ያጅባታል። ከሳንቃው ግድግዳ ወዲያ የሚሠራው ጫማ ሠሪ ግን ጉድለቱን ሳይሞላ አያልፍም።

«ጫማዬ ተቀዶ ሚስማር እየወጋኝ!»

ሃያ ዓመት እንዲህ ተቀባብለዋል። አንድ ቀን ጠዋት ግን ዘፈኑ «የማዶ ሰው» ላይ ሲደርስ ቀጥ አለ።

«እታለም፣ ምነው? ክር አለቀብሽ?» አለ ጫማ ሠሪው ሳንቃውን ቆርቆር አድርጎ።

«ሆዴን ወጋ አደረገኝ። ቁርስ ስላልበላሁ ነው፤ ይተወኛል።»

ቁርስ ያልበላችው የካፖርቱን ኮሌታ ልጨርስ ብላ ነው። ዕድሜዋን ሙሉ ምግብ የምትቀምሰው ቆማ፣ ባንድ እጇ መቀስ ይዛ ነው። ለኋላ የምታቆየውን ነገር ሁሉ፣ የሚጠበውን እጅጌ፣ የሚያጥረውን ቀሚስ፣ በጠመኔ ምልክት ታደርግበታለች። ውጋቱንም እንደዚያው። ጥቁር ሽርጧ ላይ፣ እምብርቷ ዘንድ፣ ነጭ ጭረት አኖረችና «ኋላ እመለስብሃለሁ» ብላው ወደ ኮሌታዋ ዞረች።

ከቀትር በኋላ አቅለሸለሻት። ሳል ባለች ቁጥር ዓይኗ ላይ ብልጭ ይልባታል። መርፌ ሲወጋት ኖሯል፤ ይህ ግን መርፌ አይደለም። ውጋቱ ወርዶ ቀኝ ጎኗን ይዟል። እዚያም ሌላ ጭረት አደረገች።

ዝምታው ያስጨነቀው ጫማ ሠሪ ማስቲሽ የነካ እጁን እየጠራረገ በሩ ላይ ቆመ። «ይኼ ደግሞ ምን ፋሽን ነው?»

«ውጋቱ ነው። ጠዋት እዚህ ነበር፣ አሁን እዚህ ወረደ። ባክህ ማስታገሻ ግዛልኝ፤ ኮሌታዋ ትንሽ ነው የቀራት።»

«ኮሌታዋ ትሙት! ማስታገሻ የውጋቱን አፍ ያዘጋል እንጂ ከቤት ያስወጣዋል? ተነሺ!»

ጎብጣ፣ ክንዱን ይዛ፣ ሽርጧን እንኳ ሳታወልቅ ሐኪም ቤት ደረሰች። ወጣቷ ሐኪም «የት ጀመረዎት፣ እናቴ?» ብትላት ሁለቱን ጭረቶች በጣቷ አሳየቻት። ሐኪሟ ቀኝ ጎኗን ጫን አድርጋ ድንገት ስትለቀው ልብስ ሰፊዋ ጮኸች።

ምርመራው ሲያልቅ ሐኪሟ ለስለስ ብላ ነገረቻት። «ትርፍ አንጀት ነው። ሆድ የወጋው ሁሉ ትርፍ አንጀት አለበት ማለት አይደለም። ግን ድንገት ጀምሮ የማይለቅ፣ እየጠና የሚሄድ ውጋት ይዞ ማደር አይገባም። ቢቆዩ ኖሮ ሊፈነዳ ይችል ነበር።»

ማምሻውን ሐኪሟ በቀዶ ሕክምና አወጣችላት።

በማግስቱ ጫማ ሠሪው ሚስቱ የሠራችውን ሾርባ በፔርሙስ ይዞ ሲመጣ፣ ልብስ ሰፊዋ የቁስሏን ፋሻ ገለጥ አድርጋ ስፌቱን ስትመረምር አገኛት።

«እንዴት ነው?» አላት።

«ትንሽ ሰፋ ሰፋ አድርጋዋለች። ግን እጇ ይባረክ። የአንተም ጆሮ ይባረክ፤ ዝምታዬን ሰምተህ መጣህልኝ።» ፋሻውን መለሰችው። «ያን ውጋትም እንኳን ጮኸ እላለሁ። እኔ እኮ ቀጠሮ ሰጥቼው ነበር።»

ከዚያ ቀስ ብላ ማንጎራጎር ጀመረች፤ «አንተ የማዶ ሰው፣ ድምፅህን አሰማኝ…» ጫማ ሠሪው አፉን ከፈተ።

«እንዳትጨርሰው! ስስቅ ስፌቱ ያመኛል!»

ሳቁን ዋጠና ሾርባውን ቀዳላት። እሷም እንደ ልማዷ ቆማ ልትቀምሰው እግሯን ከአልጋው አወረደች፤ ከዚያ ተወችው። ትራሱን ከጀርባዋ አመቻችታ፣ ማንኪያውን ይዛ፣ ቁጭ ብላ በላች።