እናቴ ለራሷ ያወረደችው ሙሾ

ይህ የደረሰብኝ ባለፈው ዓመት፣ የእናቴ ሙት ዓመት ሊደርስ ሲል ነው። እስካሁን ከሆዴ አልወጣም። ሰው «ፊልም ላይ መውጣት እኮ ክብር ነው» ሲለኝ ደሜ ይፈላል። ልጻፈውና ምናልባት ይቀለኝ ይሆናል።

እናቴ አዘና አጠገብ ባለው አገራችን የታወቀች አልቃሽ ነበረች። ሰው ሲሞት መጀመሪያ የምትጠራው እሷ ናት። ግማሹን በአገውኛ፣ ግማሹን በአማርኛ እያወረደች ድንጋይ ታስለቅስ ነበር። ለቅሶ በሌለ ቀን ደግሞ ወሬዋ አያልቅም። እንጅባራ፣ እኛ ቆሰበር በምንላት ከተማ፣ ወዳለው ፀጉር ቤቴ ስትመጣ ደንበኞቼ ተሠርተው ካበቁ በኋላ እንኳ እሷን ሲሰሙ ይቆዩ ነበር።

ካቻምና መስከረም ላይ ከአዲስ አበባ አንድ ፊልም የሚሠራ ሠዓሊ መጣ። ካሜራውን ተክሎ ጉሙን፣ ቀርከሃውን፣ ተቀምጦ የሚያስብ ሰውን ሲቀርፅ ይውላል። ትሑት ነበር፤ እናቴም ወደደችው።

«አንተ ልጅ፣ ይኼ ነገር ድምፅም ይይዛል?» አለችው።

«ሁሉንም ይይዛል፣ እማማ።»

ይህን ስትሰማ ጓሮዋ ቁጭ ብላ፣ ለራሷ ሞት ያዘጋጀችውን ሙሾ ማውረድ ጀመረች። እኛ አገር ሬሳ ሳይኖር ሙሾ ማውረድ ሟርት ነው። ወንድሜ ተቆጣ። እኔም «እማዬ፣ በፈጠረሽ ተይ!» አልኳት።

«ስሞት ማን ሊያወርድልኝ ነው? እናንተ እንደሁ ከመነፋረቅ በቀር አታውቁ። ይቀመጥልኝ!» አለችን።

እኛ ሟርቱን ፈርተን ወደ ቤት ገባን። እሷ እስከ መጨረሻው አወረደችለት።

ጥር ላይ ሞተች። እንዳለችውም የሚያወርድላት ጠፋ፤ እኛም እንዳለችው ተነፋረቅን። ሙሾዋ ሠዓሊው ዘንድ አለ ብለን ግን ተጽናናን።

ፊልሙ እንጅባራ አዳራሽ ሊታይ ነው ሲባል ዘመድ ጎረቤቱ ለቅሶ እንደሚሄድ ነጠላውን አዘቅዝቆ በሚኒባስ መጣ። ጉሙ ታየ። ቀርከሃው ተወዛወዘ። ከዚያ እናቴ ከሩቅ ታየች። አፏ ይከፈታል፣ ደረቷን ትመታለች፣ የሚሰማው ግን ነፋስ ብቻ ነው። አክስቴ ማጉያው የተበላሸ መስሏት «ኧረ አሰሙን!» ብላ ጮኸች። የከተማው ሰው ዞሮ ገላመጠን።

ሲያልቅ ተጨበጨበ። ሠዓሊውን ጠጋ ብዬ «ወንድሜ፣ ድምፅዋስ?» አልኩት።

«ፊልሙ ስለ ዝምታ ነው» አለኝ። «የአገሩን ዝምታ ነው ማሳየት የፈለግሁት።»

«እሺ፣ ለፊልምህ ይሁን። ለእኛ ድምፁን ስጠን።»

አቀረቀረ። «ድምፁን ለብቻው ነበር የያዝኩት፤ ቦታ ሲሞላብኝ አጥፍቼዋለሁ። ለእናንተ ይህን ያህል መሆኑን አላወቅሁም።»

ለአክስቴ ምን ብዬ እንደምነግራት ጠፋኝ።

ከሙሾዋ የሰማሁት መግቢያውን ብቻ ነው፦

«ለአገር ምድሩ አልቅሼ ኖሬ፣
የራሴ ቀረኝ ይኸው ዛሬ።»

ከዚህ በኋላ ያለችውን ቁጭ ብሎ ያዳመጠ እሱ ብቻ ነበር፤ አገውኛ ደግሞ አይሰማም። ቄሳችን ይቅር በይው ይሉኛል። አልቻልኩም። እናቴ በዕድሜዋ ዝም ያለችው በእሱ ፊልም ላይ ብቻ ነው።