ፍርድ የሌለው የጃፓን ፊልም

ወልቂጤ ልጄ ቤት አንድ የድሮ የጃፓን ፊልም አየሁ፤ ጥቁርና ነጭ ነው። እኔ የአማርኛውን ፊደል እንኳ እየታገልኩ ነው የማነበው፤ ከሥር የሚጻፈውን ልጄ ትነግረኛለች። ጀልባ ሰጥማ ሰው ሞቷል። የተረፉት ሦስቱ ዳኛ ፊት ቀርበው የሚያወሩት ሌላ ሌላ ነው። በየወሬያቸው ጀግናው ተናጋሪው ነው። ፊልሙ ደግሞ የሁሉንም ቃል ልክ እንደሆነ አድርጎ ያሳያል። ፍርዱን ስጠብቅ አለቀ።

«የታለ ፍርዱ?» አልኳት።

«አባባ፣ የለውም። ማን እንደዋሸ አይናገርም።»

«ታዲያ ለምን አደከሙን!» ብዬ ተቆጥቼ ወደ አገሬ ወደ ቸሃ ተመለስኩ።

መስቀል ሊደርስ ነው። በእኛ ዘንድ ተኳርፎ መስቀል አይበላም። ሁለት ወንድማማቾች ግን አባታቸው ከሞተ ወዲህ አይነጋገሩም። ሲሞት ከነሱ በቀር ሰው አልነበረም። ታላቅየው «የመረቀው እኔን ነው» ይላል፤ ታናሽየውም «እኔን ነው» ይላል። ሽማግሌዎች በመንደሩ መካከል በሚያልፈው ሰፊ መንገድ፣ ጀፎሮው ሣር ላይ ተቀምጠን ሰማናቸው።

«ይማሉ!» አሉ ባልንጀሮቼ። በሐሰት የማለ ቤቱ ይጠፋል፤ እኛ እንደዚያ ነው የምናምነው።

እኔ ጀልባዋ ትዝ አለችኝ። «አይምሉም!» አልኩ። «ሁለቱም የሚምሉት ከልባቸው ነው። ጃፓኖች ላይ አይቻለሁ።»

«ጃፓን መቼ ሄድክ አንተ?»

«በልጄ ቴሌቪዥን።»

ሳቁብኝ። «ቸሃን ጃፓን ሊያስታርቃት ነው!» አለ አንዱ ከሁሉ በላይ እየሳቀ።

ይሳቁ። ታላቅየውን አስነሣሁት። «የራስህን ሰምተናል። አሁን ያንኑ ቀን እንደገና ንገረን፤ ጀግናው ግን ወንድምህ ይሁን።»

ተመልሶ ሊቀመጥ ሞከረ። እኔም አልለቀቅሁትም። በመጨረሻ «አባታችንን አቅፎ የያዘው እሱ ነው» አለ። «እኔ ለመንካት ፈርቼ ነበር።»

ታናሽየው ሳይፈቀድለት ብድግ አለ። «ውሃ ያጠጣው እሱ ነው! እኔ እያለቀስኩ ምን ሰማሁ?»

«እኔስ ምን ሰማሁ፣ ወንድሜ?»

ተቃቀፉ። አባትየው ማንን እንደመረቀ እስከ ዛሬ አናውቅም፤ እኛ ግን ሁለቱንም መረቅናቸው። የመስቀሉን ክትፎ ከአንድ ጣባ ሲበሉ ቆሜ አየሁ፤ እንደዚያን ቀን ጠግቤ አላውቅም።

ከበዓሉ በኋላ ባልንጀሮቼ ከእኔ ጋር በሚኒባስ ተጭነው ወልቂጤ ልጄ ቤት ሄዱ፤ ፊልሙን ካላየን ብለው። ሲያልቅ ያ ዋናው ሳቂ ተነሥቶ ጮኸ፦

«የታለ ፍርዱ?»

«እሱንማ እኛ ጨረስነው» አልኩት። «ተቀመጥ!»