በደረቁ ጎሊና የተሰማው ጎርፍ

ነጅሙዲን የሮቢት ሰው ነበር፤ ሥራውም ጎርፍ መጥለፍ። በዚያ ቆላ ዝናቡ የሚጥለው ላይ ግዳን ተራራ ነው፤ ማሳው የሚጠጣው ግን ታች ራያ። ደጋው ሲያጉረመርም የጎሊና ወንዝ በድንገት ይሞላል። ያኔ አገሩ ሁሉ አካፋና መገደቢያ እሾህ ይዞ ይወጣና ውሃውን በቦይ ወደ ማሽላው ይመልሳል። ለማን መቼ እንደሚደርስ የሚያዘው የውሃ አባት ነው፤ ነጅሙዲንም ይህን ከአባቱ ወረሰ። ስድቡንም ምርቃቱንም የለመደ፣ ድምፁ ወንዝ የሚያሻግር፣ የራሱን ማሳ ከሰው ሁሉ በኋላ የሚያጠጣ ሰው ነበር።

በ1976 ክረምት ደጋው ዝም አለ። ሐምሌም ነሐሴም ጠብ ሳይል አለፈ። ከብቱ አለቀ። በነሐሴ መጨረሻ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጁ ዚነት ተቅማጥ ይዟት በሦስት ቀን ሞተች። ሌላ ልጅ አልነበረውም። በጎርፍ ቀን ምሳውን ተሸክማ እየመጣች፣ «አባ፣ ዛሬ የማን ተራ ነው?» የምትለው እሷ ነበረች።

ከቀበራት በኋላ ነጅሙዲን ሥራ እንዳለው ሰው በየቀኑ ወደ ደረቁ ወንዝ ይወርድ ጀመር። መስከረም በጠባ በማግሥቱ፣ ከዙሁር፣ ከቀትሩ ሶላት በኋላ፣ ከላይ በኩል የጎርፍ ድምፅ መጣ። ድንጋይ ሲጋጭ፣ ግንድ ሲሰበር ሰማ። ዘሎ ዳር ወጣ። አሸዋው እንደ ደረቀ ነው። የእርጥብ አፈር ሽታ ግን አፍንጫውን ሞላው። ከዚያ የሰው ጫጫታ፣ በጫጫታው መሀል የራሱ ድምፅ፦ «ከላይ ዝጉት! እሾህ ጨምሩበት!» ቀጥሎም የዚነት፦ «አባ! ምሳህ!»

እየሮጠ ጎረቤቱ መምህር አላምረው ዘንድ ሄደ። አላምረው ከጎጃም ተመድቦ የመጣ ወጣት ነው። ሬዲዮው የአብዮቱን አሥረኛ ዓመት በዓል ያወጃል፤ ከሥሩ ግን ሌላ ጣቢያ በዐረብኛ ይዘፍናል።

«መምህር፣ አብጃለሁ መሰለኝ» ብሎ የሰማውን ነገረው።

አላምረው ሳይስቅ አዳመጠና ወደ ሬዲዮው ጠቆመ። «ሁለት ጣቢያ ሲቀራረብ እንዲህ ይደበላለቃል፣ ጋሽ ነጅሙዲን። ዓመትስ ቢደበላለቅ? የዘነበበት ሌላ ዘንድሮ ቢኖር፣ ከኛው ጎን ለጎን የሚሄድ... እንጃ። መጽሐፍ ላይ አላየሁትም።»

«እዚያ ከዘነበ እኮ ዚነት አልታመመችም!»

መምህሩ ሬዲዮውን ዘጋው።

ከዚያ ወዲያ ነጅሙዲን ከወንዙ አልጠፋም። ድምፁ አንዳንድ ቀን ይመጣል፣ አንዳንድ ቀን ይቀራል። በአራተኛው ጊዜ፣ ከአስር፣ ከከሰዓቱ ሶላት በፊት የመጣው ጎርፍ ግን ከሁሉም የከፋ ነበር። የራሱን ድምፅ ከቦዩ አፍ ላይ ሰማ። ከዚያ ሰው ሁሉ ባንድ ላይ ጮኸ። «ወሰደው! የውሃ አባቱን ወሰደው!» የራሱ ድምፅ አንዴ «ላ ኢላሀ» ብሎ ተቆረጠ። ነጅሙዲን ደረቅ አሸዋ ላይ እንደ ቆመ ወዲያው የዚነት ሩጫ ተሰማው። ወደ ውሃው ነው።

«ዚነት! እንዳትገቢ!» ብሎ ያን ድምፁን ለቀቀው። «ተመለሺ ልጄ! ዳር ውጪ!»

ሩጫው ቆመ።

«አባ? የት ነህ?»

«እዚሁ ነኝ። አትምጪ። ወደ እናትሽ ሂጂ።»

«አላይህም እኮ!»

«አታዪኝም። ሂጂ በአላህ ይሁንብሽ።»

ልቅሶዋ እየራቀ ሄደ።

ቤት ገብቶ ለሚስቱ ለራህመት ነገራት። በማግሥቱ ሻሿን አስራ ተከተለችው። ወንዙ ዳር ብዙ ተቀመጡ። ቀን ሲበርድ፣ ሬሳ የሚፈልጉ ሰዎች ሲጠራሩ፣ ዚነትም ስትንሰቀሰቅ ተሰማ። ራህመት ወደ ባዶው እጇን ዘረጋች። ያን ጊዜ የራሷ ድምፅ፣ ከአፏ ሳይወጣ፣ ከማዶ፣ «በቃሽ የኔ ልጅ፣ እኔ አለሁልሽ» አለ።

ራህመት እጇን ቀስ ብላ ሰበሰበች።

«እናት አላት» አለች። «ተነስ፣ እንሂድ።»

«አንዴ ልጥራት።»

«አባቷን አልቅሳ ልትረሳ ነው። ብትጠራት ዕድሜ ልኳን ወንዝ ዳር ትቀራለች። እንዳንተ።»

አፉን ከፍቶ ነበር፤ ዘጋው። እያባበለች፣ እየደገፈች ወደ ቤት ወሰደችው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ወደ ጎሊና አልወረደም፤ ውሃው ይሰማ አይሰማ አላወቀም። ነፋስ ከዚያ በኩል ሲመጣ ግን ንግግሩን ያቋርጥ ነበር።

ኅዳር ላይ የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር ለሰፈራ ስም ሲመዘግብ ነጅሙዲን አልተከራከረም። ቆቦ ላይ ከሌሎች ጋር መኪና ተጫኑ፤ አላምረው አስፋልቱ ድረስ ሸኛቸው። ወለጋ አወረዷቸው። እዚያ ዝናቡ ያለ ጠላፊ ይወርዳል፤ ውሃ የሚያካፍል ሰው የሚፈልግ የለም። ነጅሙዲን በቆሎ መዝራት ተማረ፣ ወባም ሁለቴ ጣለው፣ ተነሣ።

በሁለተኛው ዓመት ሴት ልጅ ወለዱ። አብረዋቸው የሰፈሩት የራያ ሴቶች ተሰብስበው፣ «አላህ ካሳችሁ። ያው ዚነት በሏታ!» አሉ። እንዲያ ነው ልማዱ፤ የሞተ ልጅ ስም ለቀጣዩ ይሰጣል።

ራህመት ሕፃኗን ወደ ደረቷ አስጠጋች። «አይሆንም» አለች። «ስሙ ባለቤት አለው፤ ዛሬም ትጠራበታለች።»

ሴቶቹ ተያዩ። ነጅሙዲን ብቻ ገብቶት ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ልጅቷም ኡሙሃኒ ተባለች።